ከጋሽ ኃይሌ ገሪማ እንዴት ይሰረቃል? (ፊልም መሥራት ለምትፈልጉ)

ፊልም መሥራት የሚፈልግ ልጅ ሲያማክረኝ መጀመሪያ የሚያነሳው ካሜራ ነው። የትኛው ይሻላል፣ ሌንሱ ስንት ነው፣ ድሮን ልከራይ ወይ። ቀጥሎ ድምፁን ዝቅ አድርጎ «የራሴን ስታይል ግን እንዴት ላምጣ?» ይለኛል። ለዚህኛው መልሴ ሁልጊዜ አንድ ነው። አንድ ዳይሬክተር ያዝ። አንድ ብቻ። ከመጀመሪያ ሥራው ጀምረህ ተከተለው። ሲሸለም ብቻ ሳይሆን ገንዘብ አልቆበት ቤቱ ሲቀመጥም።

እኔ የያዝኩት ጋሽ ኃይሌ ገሪማን ነው። እናንተ ሌላ ሰው መያዝ ትችላላችሁ፣ መንገዱ ያው ነው። ግን ለእኛ ከእሳቸው የሚቀርብ ማግኘት ይከብዳል። ጎንደር ተወልደው፣ አሜሪካ ተምረው፣ በአማርኛም በእንግሊዝኛም ፊልም ሠርተው፣ ትልልቆቹን ስቱዲዮዎች ደጅ ሳይጠኑ ዕድሜያቸውን የገፉ ሰው ናቸው። (ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ዓመቶች በሙሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።)

አንድ ነገር ግን ከወዲሁ እንስማማ። ፊልማቸውን አይቶ «እኔም ጥቁርና ነጭ ላርገው፣ እኔም ትዝታና አሁንን ላደባልቀው» ማለት መማር አይደለም። የሰው ኮት መዋስ ነው። እኔም ተውሼ ነበር፣ ትከሻው ሰፋኝ። መስረቅ ያለብን መልኩን ሳይሆን እዚያ መልክ ላይ ያደረሳቸውን ውሳኔ ነው። ውሳኔውን ስታዩት ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ የመጣው ከሌላቸው ነገር ነው።

መጀመሪያ ወረቀት አምጡ

ፊልም ከመክፈታችሁ በፊት ትልቅ ወረቀት ፈልጉና አራት ቦታ ክፈሉት። ዓመት፣ የፊልሙ ስም፣ ገንዘቡ ከየት መጣ፣ ማን አሳየው። ሦስተኛውና አራተኛው ላይ ብዙ ባዶ ቦታ ይቀራችኋል፣ እሱን እያነበባችሁ ቀስ ብላችሁ ትሞሉታላችሁ። ቃለ መጠይቆቻቸው ብዙ ናቸው፣ ጋሽ ኃይሌ ደግሞ ሲናገሩ አይሰስቱም።

የእሳቸው ወረቀት እንዲህ ይጀምራል። 1946 ጎንደር። አባታቸው «ጎንደሬ በጋሻው»ን የጻፉት ገሪማ ታፈረ ናቸው፣ ተውኔትም ይጽፉ ነበር። ስለዚህ ልጁ መድረክ ያየው ካሜራ ከማየቱ በፊት ነው። በ1960ዎቹ መጨረሻ ትወና ሊማሩ ቺካጎ ሄዱ። ከዚያ ወደ ሎስ አንጀለስ ተሻግረው ዩሲኤልኤ የተባለው ዩኒቨርሲቲ ገቡ፣ ፊልም የጀመሩት እዚያ ነው። አብረዋቸው የነበሩት እነ ቻርልስ በርኔት፣ እነ ጁሊ ዳሽ፣ እነ ቢሊ ውድበሪ ናቸው፤ ይሄ የጥቁር ተማሪዎች ስብስብ በኋላ «የሎስ አንጀለስ አመፅ» የሚል ስም ወጣለት። አንዱ የአንዱን ካሜራ ይይዛል፣ ሌላው ለሌላው ድምፅ ይቀዳል። 1975 ዋሽንግተን ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ማስተማር ጀመሩ። 1976 «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»። 1982 «አሽስ ኤንድ ኤምበርስ»። 1993 «ሳንኮፋ»። 1999 ስለ አድዋ የሠሩት ዘጋቢ ፊልም። 2008 «ጤዛ»።

አሁን ፊልሞቹን ተዉና በመካከላቸው ያለውን ክፍተት ተመልከቱ። ከ«አሽስ ኤንድ ኤምበርስ» እስከ «ሳንኮፋ» 11 ዓመት። ከ«ሳንኮፋ» እስከ «ጤዛ» 15 ዓመት። እኔ ይሄን ክፍተት መጀመሪያ ሳየው ደነገጥኩ። ልጅ ተወልዶ ዘጠነኛ ክፍል ይገባበታል እኮ! በመሃል ዘጋቢ ፊልሞች አሉ፣ ግን ዋናው ታሪክ፣ ልባቸው ውስጥ ያለው፣ ገንዘብ እየተለመነለት ይጠብቃል።

ታዲያ እስከዚያ ምን ይበሉ ነበር? ጠይቁ፣ ነውር የለውም። የማንኛውንም ነፃ ዳይሬክተር ሥራ ስታጠኑ ይሄን ጥያቄ ካላነሳችሁ ግማሹ አመለጣችሁ። ጋሽ ኃይሌ ለአሥርት ዓመታት መምህር ነበሩ። ደሞዙ ፊልም አያሠራም፣ ኪራይ ግን ይከፍላል። ኪራዩ የተከፈለለት ሰው ደግሞ «መጨረሻውን ቀይረውና ገንዘቡን ውሰድ» ሲባል እምቢ ማለት ይችላል። የፊልሞቻቸው ግትርነት፣ ያ «አልለሳልስላችሁም» የሚለው ነገር፣ ከባሕርያቸው ብቻ የመጣ አይመስለኝም፤ ከወር ደሞዝም የመጣ ነው። ሥራ ስላላችሁ «እኔ እውነተኛ አርቲስት አይደለሁም» የምትሉ ካላችሁ እባካችሁ ተዉት።

አንድ ትእይንት ሦስት ጊዜ

ቀጣዩ ማየት ነው። አሥር ፊልም አንድ ጊዜ ከምታዩ አንድ ትእይንት ሦስት ጊዜ እዩ። መጀመሪያ እንደ ማንኛውም ተመልካች። ከዚያ ድምፁን አጥፍታችሁ። በመጨረሻ ስክሪኑን ሸፍናችሁ በጆሮ ብቻ።

«ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን ውሰዱ። ባላባቱ ከፍታው ላይ ከቤቱ ደጅ ወንበሩ ላይ ተቀምጧል። ከታች ጭሰኞቹ ያርሳሉ። ቁልቁል ይጮኽባቸዋል፣ ይሳደባል፣ ያዛል። ድምፁን አጥፉት። የሚቀረው አንድ የተቀመጠ ሰውና ከሜዳው ስፋት የተነሳ ጉንዳን ያከሉ ሰዎች ናቸው። ማን የማን ጌታ እንደሆነ ለማወቅ አንድ ቃል አያስፈልጋችሁም። ከፍታና ርቀት ጨርሰውታል። አሁን ስክሪኑን ሸፍኑና ስሙ። ጩኸቱ ሩቅ ነው፣ ያስተጋባል፣ የገጠሩ ድምፅ ደግሞ ዝም አይልም። ከላይ የሚወርድ ድምፅ አለ፣ ከታች የሚመለስ የለም። በቃ፣ የመሬት ሥሪቱን በጆሯችሁ ሰማችሁት።

አሁን ውሳኔው ከየት እንደመጣ ጠይቁ። ፊልሙ የተቀረጸው በ1974፣ አገሩ በአብዮት እየተናጠ ሳለ፣ በሁለት ሳምንት ገደማ ነው። በ16 ሚሊ ሜትር የፊልም ጥቅል፣ ጥቁርና ነጭ። የሚታዩት ሰዎች አብዛኞቹ ሙያቸው ትወና አይደለም፣ ቡድኑ ትንሽ ነው፣ ጋሽ ኃይሌ ራሳቸው ገና ተማሪ ናቸው። እንግዲህ አስቡት። ሁለት ሳምንት ብቻ ያለው ሰው ለእያንዳንዱ ንግግር አራት ቦታ ካሜራ እየተከለ ክሎዝ አፕ (ፊትን ከቅርብ የሚያሳይ ምስል) ሊለቅም አይችልም። ትወና ያልተማረን ገበሬ «አሁን አልቅስ» ብሎ ማስጨነቅም አያዋጣም። ስለዚህ ካሜራው ራቅ ብሎ ይቆማል፣ ገበሬው የሚያውቀውን ሥራ ይሠራል፣ ሾቱ ይረዝማል። ያ ርዝመት ያለምክንያት የመጣ «አርት» አይደለም፤ በሬና ማረሻ የሚሄዱበት ፍጥነት ነው። ያልነበራቸው ጊዜና ባለሙያ ተዋናይ ፊልሙን አላጎደለውም። እንዲያውም ቅርጹን ሰጠው። ውጤቱ ከሁለት ሰዓት በላይ የሆነ፣ ሎካርኖ የፊልም ፌስቲቫል ላይ የተሸለመ ፊልም ነው።

ሌላ ምሳሌ ልጨምር፣ ይሄኛው ያስቀኛል፣ ያሳዝነኛልም። ከላይ ባልጠቀስኩት «ቡሽ ማማ» በተባለው ፊልማቸው መጀመሪያ ላይ የሎስ አንጀለስ ፖሊሶች ሰዎች አቁመው ሲፈትሹ ይታያል። ትወና እንዳይመስላችሁ። የተፈተሹት የፊልሙ ሠራተኞች ራሳቸው ናቸው። ፖሊስ አስቁሟቸው፣ ካሜራው ግን አልቆመም። እኛ ብንሆን የቀረጻው ቀን ተበላሸ ብለን ስናማርር እንመለስ ነበር። እሳቸው የፊልሙ መግቢያ አደረጉት።

ለራሳችሁ የምታደርጉት ይሄን ነው፦ ከያዛችሁት ዳይሬክተር አምስት ትእይንት ምረጡ። ከእያንዳንዱ ሥር ሁለት መስመር ጻፉ። አንደኛው «ምን አልነበረውም?»፣ ሁለተኛው «በምን ተካው?»። አምስቱን ጨርሳችሁ ስታነቡት የሰውየው ስልት ወረቀቱ ላይ ተዘርግቶ ታገኙታላችሁ።

የልጅነት ሲኒማ

ጋሽ ኃይሌ ደጋግመው የሚናገሩት አንድ ነገር አለ። ልጅ ሆነው ጎንደር ሲኒማ ያዩ ነበር፣ የካውቦይና የታርዛን። አፍሪካውያኑ ከኋላ ሾልከው ታርዛን ላይ ሊደርሱበት ሲሉ፣ እነዚያ የጎንደር ልጆች «መጡብህ!» ብለው ለታርዛን ይጮሁለት ነበር። ይሄን ሳነብ ፀጉሬ ቆመ። ምክንያቱም እኔም የውጭ ፊልም እያየሁ ለማን እንደጮህኩ አውቃለሁ።

ነገሩ ተንኮለኛ ነው። ታርዛኑን ጥላችሁ ሌላ ጀግና ብታስቀምጡ እንኳ የታሪኩ አካሄድ ያው ከሆነ ያው ነው። ጀግና፣ ጠላት፣ ማሳደድ፣ ድል። ጋሽ ኃይሌ ለዚህ ያገኙት መፍትሔ የሴት አያታቸው ተረት ነው፣ እሳት ዳር የሰሙት። «ጤዛ»ን ያየ ሰው ይገባዋል። አንበርብር ከብዙ ዓመት በኋላ ከጀርመን ወደ እናቱ መንደር ይመለሳል። የሆነውን ነገር ሁሉ ግን ቀጥ ባለ መስመር አያስታውስም። አንዱ ትዝታ ሌላውን ይጠራል፣ ይቋረጣል፣ ዞሮ ይመጣል። አንዳንድ ሰው «ግራ ያጋባል» ይላል። እናቶቻችን አንድ ነገር ሲያወሩ እንዴት እንደሚያወሩ ልብ ብላችሁ ታውቃላችሁ? ስለ ሰርግ ጀምረው፣ የሙሽራዋን አባት ሲጠቅሱ የአባትየውን እስር አስታውሰው፣ ከእስሩ ወደ ድርቁ ሄደው፣ ቡናው ሦስተኛ ሲደርስ ሰርጉ ላይ ይመለሳሉ። ማንም ግራ አይገባውም።

ስለዚህ የቤት ሥራ። እናንተ ቤት ታሪክ እንዴት ይነገር ነበር? ምን ተነገረ አላልኩም፣ እንዴት። እኔ ስሞክረው ያገኘሁት የሴት አያቴን ነው። ተረት ስትነግረን መጨረሻውን መጀመሪያ ትነግረናለች። «ይሄ ጅብ በሆዱ ምክንያት ሞተ» ትላለች፣ ከዚያ ትጀምራለች። ጅቡ እንደሚሞት እያወቅን ግን አፋችንን ከፍተን እንሰማ ነበር፣ ምክንያቱም የምንጠብቀው መሞቱን ሳይሆን ሆዱ እንዴት እንደሚያታልለው ነው። ይሄ የስክሪፕት ቅርጽ ነው! ማንም ኮርስ ላይ አላስተማረኝም። እናንተም ስልካችሁን አውጡና ታላላቆቻችሁን ቅዱ። አስፈቅዳችሁ። አንድ ሰዓት ቅዱና ወሬው የሚታጠፍባቸውን ቦታዎች ምልክት አድርጉ።

አሁን የራሳችሁን

አሥር ደቂቃ። ከዚያ አይብለጥ። ስክሪፕት ከመጻፋችሁ በፊት ያላችሁን ዘርዝሩ፦ የማታስፈቅዱበት ግቢ፣ ጊዜ ያለው አጎት፣ ቅዳሜ ጠዋት የሚገባ ብርሃን፣ የጎረቤት ፍየል። ታሪኩ ከዚህ ዝርዝር ይውጣ። የመጀመሪያ አጭር ፊልሜን ስጽፍ ተቃራኒውን አደረግኩ፣ መጀመሪያ ታሪኩን ጻፍኩ፣ ታሪኩ ውስጥ የሌሊት ዝናብና የተጋጨ መኪና ነበር። ለዝናቡ የውኃ ቦቴ ልንከራይ ዋጋ ስንጠይቅ ከረምን። በመጨረሻ አንድ ስፖንሰር ተገኘ፣ ግን ዋናዋ ሴትዮ የምታለቅስበት ጠረጴዛ ላይ የሱ ጠርሙስ እንዲታይ ፈለገ፣ ያውም ስሙ ወደ ካሜራው ዞሮ። ተስማማሁ። ዛሬ ያን ትእይንት ሳየው ሴትዮዋን አላያትም፣ ጠርሙሱን ነው የማየው።

በሁለተኛው ፊልም ዝናቡን አወጣሁት፣ በጣሪያ ላይ የሚወርድ የዝናብ ድምፅ ብቻ አስቀረሁ። ቆርቆሮ ላይ። ሁለት ሰዎች ጨለም ባለ ክፍል ተቀምጠው እየተነጋገሩ ዝናቡ ሲበረታ አንዱ የሌላውን ድምፅ አይሰማም፣ ይጮሃሉ፣ የማይባለው ነገር የሚባለው በጩኸት ነው። ለዝናቡ ምንም አላወጣንም፣ በስልክ ነው የቀዳነው። ከሠራሁት ሁሉ ሰው የሚያነሳልኝ ይሄን ነው።

በነገራችን ላይ ገንዘብ ካላችሁ ካሜራ ላይ አታውሉት። ድምፅ ላይ አውሉት። የደበዘዘ ምስል ሰው ይታገሳል። የማይሰማ ንግግር ግን ማንም አይታገስም። አንድ ጥሩ ማይክ፣ አንድ መያዝ የማይደክመው ልጅ። ከእያንዳንዱ ቀረጻ በኋላ ደግሞ ሁሉም ዝም ብሎ የክፍሉን ዝምታ ለአንድ ደቂቃ ቅዱ። ኤዲት ስታደርጉ ታመሰግኑኛላችሁ።

ማሳየቱ

ሰው የሚወድቀው እዚህ ነው። ፊልሙን ሠርቶ ፌስቲቫል እስኪጠራው ይጠብቃል። «ሳንኮፋ» በ1993 በርሊን ፌስቲቫል ላይ ለውድድር ቀርቦ ነበር። ከዚያ በላይ ምን አለ? አሜሪካ ውስጥ ግን የሚያከፋፍለው አልተገኘም። ፊልሙ ስለ ባርነት ነዋ፣ ያውም ከተገዙት ሰዎች ዓይን፣ ያውም በአመፅ። ጋሽ ኃይሌና ባለቤታቸው ሺሪኪያና አይና፣ እሳቸውም ዳይሬክተር ናቸው፣ ሲኒማ ቤት ተከራይተው ራሳቸው አሳዩት። አዳራሹን ይከራያሉ፣ ትኬቱ የእነሱ ነው፣ ኪሳራውም የእነሱ ነው። በቤተ ክርስቲያን፣ በማኅበር፣ በአፍ ወሬ ሰው መጣ። ከዚያ ከከተማ ወደ ከተማ፣ በየከተማው ፊልሙን የሚቀበል የሰፈር ሰው እየፈለጉ። በኋላ ዋሽንግተን ውስጥ፣ ሃዋርድ ፊት ለፊት፣ «ሳንኮፋ» የሚል የመጻሕፍትና የቪዲዮ መደብር ከነካፌው ከፈቱ። ተመልካቹ ከፊልሙ በኋላ የሚመለስበት ቦታ ሆነ።

ይሄ ሊሆን የቻለው ፊልሙ የእነሱ ስለነበር ነው። መብቱን አልሸጡም። በ2021 «ሳንኮፋ» ታድሶ ኔትፍሊክስ ላይ ሲወጣ 28 ዓመት ሆኖት ነበር። በዚያው ዓመት የኦስካሩ አካዳሚ ሙዚየም ጋሽ ኃይሌን ሸለማቸው። እኛ ጋ ደግሞ ስንቱ ልጅ ነው የመጀመሪያ ፊልሙን ባልተነበበ ወረቀት ላይ ፈርሞ ለዘላለም የሰጠው። ኮንትራት ሲሰጣችሁ «ለስንት ዓመት?» እና «የት የት?» ብላችሁ ጠይቁ። መልሱ «ለሁልጊዜ፣ በሁሉም» ከሆነ ተነስታችሁ ሻይ ጠጡና አስቡበት። ስክሪፕታችሁንም በአእምሯዊ ንብረት ባለሥልጣን አስመዝግቡ። ከተዋናዮቹና ከሙዚቃ ሠሪው ጋርም በጽሑፍ ተስማሙ፣ ወንድማችሁም ቢሆን።

የማይሰረቅ ነገርም አለ። ጋሽ ኃይሌን እወዳቸዋለሁ፣ ግን አንዳንድ ቦታ ገጸ ባሕርዩ ዝም ይልና መምህሩ ሲናገር እሰማለሁ። በተለይ ስለ ፖለቲካ ክርክር ሲነሳ። እሳቸው ያን ዘመን ኖረውበታል፣ ይፈቀድላቸዋል። ሃያ አምስት ዓመት ያልሞላው ልጅ በገጸ ባሕርይ አፍ ሲሰብክ ግን ያስጠላል። የ15 ዓመቱን ክፍተትም አትቅዱት፣ ስልካችሁ ይቀርጻል፣ ሰበብ የለም።

ለመጀመሪያው ማሳያ ትልቅ አዳራሽና ቀይ ምንጣፍ አያስፈልግም። ሃያ ሰው ይበቃል። ነጭ አንሶላ፣ የተዋሳችሁት ፕሮጀክተር፣ ድምፁ ከወንበሮቹ ጀርባ ሳይሆን ከአንሶላው ሥር እንዲመጣ የተቀመጠ ስፒከር። ፊልሙን በሁለት ፍላሽ ያዙ። መብራት ቢጠፋ የት እንደምትሄዱ አስቀድማችሁ እወቁ። ሲያልቅ «እንዴት ነው?» አትበሉ፣ «አሪፍ ነው» ይሏችኋል፣ ምንም አይጠቅማችሁም። «የት ጋ ስልክህን አየህ?» በሏቸው። አፍረው ይስቃሉ፣ ከዚያ ይነግሯችኋል። ደቂቃውን ጻፉ። ሦስት ሰው አንድ ቦታ ላይ ስልኩን ካየ፣ ሰኞ ያን ትእይንት ቁረጡት።